የእጅ ደም ሥሮች ጉዳት፣ ሕክምናውና የመዝገቡ ኮድ

በአሜሪካ የሆስፒታል መዝገብ ላይ «ኤስ65.511ኤ» ተብሎ የተጻፈለት ታካሚ የግራ እጁ ሌባ ጣት የደም ሥር ተቆርጦበት፣ ለዚሁ ጉዳት ዋናው ሕክምና በመደረግ ላይ ያለ ሰው ነው። ነጥቡ ሳይቆጠር ሰባት ምልክቶች ብቻ ባሉት በዚህ ኮድ ውስጥ የጉዳቱ ዓይነት፣ የተጎዳው አካል፣ ጉዳቱ የደረሰበት ወገንና ሕክምናው የሚገኝበት ደረጃ ተጠቃለው ተቀምጠዋል። የሕክምና ኮድ አሰጣጥ፣ በሙያው ሰዎች አጠራር ኮዲንግ፣ ሐኪም በቃላት የጻፈውን የምርመራ ውጤትና ያከናወነውን ሕክምና በታወቀ የፊደልና የአኃዝ ሥርዓት የመመዝገብ ሥራ ሲሆን፣ ብዙ ሰው የኢንሹራንስና የሒሳብ ክፍል ጉዳይ ብቻ አድርጎ ይቆጥረዋል። ይሁን እንጂ ኮዱ ትክክል ሊሆን የሚችለው ሐኪሙ የተጎዳውን እጅ በሚገባ መርምሮ ያየውን ሳያድበሰብስ ከጻፈ ብቻ ስለሆነ፣ የኮዱን አወጣጥ መከተል የሕክምናውን ጥራት ራሱን መከተል ይሆናል። ያልተመረመረ አይጻፍም፤ ያልተጻፈም ኮድ አይወጣለትም።

ወደ እጅ ደም የሚያደርሱት ዋናዎቹ ደም ቅዳዎች፣ ማለትም ከልብ የወጣውን ደም ወደ አካል የሚወስዱት የደም ሥሮች፣ ሁለት ናቸው። አንደኛው በእጅ አንጓ ላይ በአውራ ጣት በኩል የሚያልፈውና የልብ ምት የሚቆጠርበት ራዲያል የተባለው ደም ቅዳ ሲሆን፣ ሁለተኛው በትንሿ ጣት በኩል የሚያልፈው አልናር የተባለው ነው። ሁለቱ መዳፍ ውስጥ ሲደርሱ እርስ በርስ እየተገናኙ ሁለት ቅስቶችን ይሠራሉ፤ ለቆዳ የሚቀርበው ቅስት በአብዛኛው ከአልናር፣ ወደ አጥንት የተጠጋው ጥልቁ ቅስት ደግሞ በአብዛኛው ከራዲያል ደሙን ያገኛል። ከቅስቶቹ የሚነሡት ቅርንጫፎች ወደ ጣቶች ይዘልቃሉ፤ እያንዳንዱ ጣትም በሁለቱ ጎኖቹ አንድ አንድ ደም ቅዳ ስላለው ከሁለቱ አንዱ ቢቆረጥ ሌላው ጣቱን ሊያኖረው ይችላል። በአንዳንድ ሰዎች ግን ቅስቶቹ ሙሉ በሙሉ ያልተገናኙ በመሆናቸው አንድ ሰው የሚቋቋመው ጉዳት ሌላውን ለከፋ አደጋ ይዳርገዋል።

ይህ የመጠባበቂያ ሥርዓት እጅን የሚያድነውን ያህል መርማሪንም ያታልላል። ደም ቅዳው የተቆረጠበት ጣት በሌላው በኩል በሚደርሰው ደም ቀላና ሞቃት ሆኖ ሊታይ ስለሚችል፣ ቁስሉ ትንሽ መስሎ ከታየ ሰፍቶ የመሸኘት ፈተና አለ። በጣት ላይ ነርቭና ደም ቅዳ ጎን ለጎን የሚሄዱ ከመሆናቸውም በላይ ነርቩ ከደም ቅዳው ይልቅ ለመዳፍ ወገን ቆዳ የቀረበ በመሆኑ፣ ከመዳፍ በኩል የገባ ስለት ደም ቅዳው ላይ ከመድረሱ በፊት ነርቩን የማግኘቱ ዕድል ሰፊ ነው። ስለዚህ በጣት ውስጠኛ ወገን ካለ ቁስል ደም በልብ ምት ልክ እየተፈናጠረ የሚወጣ ከሆነ፣ ነርቩም ተቆርጧል ብሎ መነሣትና ይህ አለመሆኑን በምርመራ ማረጋገጥ የእጅ ሐኪሞች የሚከተሉት ትክክለኛ አካሄድ ነው። በዚህ ዓይነት ቁስል ከሚፈሰው ደም ይልቅ የማይታየው የነርቭ ጉዳት ሰውየውን ዕድሜ ልኩን ሊጎዳው ይችላል፤ ደሙ በግፊት ይቆማል፣ በጊዜው ያልተጠገነ ነርቭ ግን ጣቱን ያለ ስሜት ያስቀረዋል።

ለሚደማ እጅ ከሁሉ አስቀድሞ የሚደረገው ንጹሕ ጨርቅ ወይም ጎዝ በቁስሉ ላይ አድርጎ ያለማቋረጥ ጠንከር አድርጎ መጫንና እጁን ከልብ ከፍታ በላይ ማንሣት ሲሆን፣ አብዛኛው የእጅ መድማት በዚህ ብቻ ይቆማል። ጨርቁን በየደቂቃው እያነሡ ማየት መርጋት የጀመረውን ደም ያፈርሰዋል። ቀለበት ያደረገ ሰው እጁ ከማበጡ በፊት ቀለበቱን ማውለቅ አለበት። በግፊት ብቻ በማይቆም ከባድ መድማት ጊዜ ከቁስሉ በላይ ክንድ ላይ የሚታሰር ቱርኒኬ የተባለ ማሰሪያ ሕይወት ያድናል፤ የታሰረበት ሰዓትም መመዝገብ አለበት። በሕክምና ተቋም ውስጥም ቢሆን ደሙ የሚወጣበት ቦታ በግልጽ ሳይታይ በመቆንጠጫ መሣሪያ በግምት መያዝ በእጅ ላይ የተከለከለ ነው፤ ምክንያቱም በመቆንጠጫው የሚጨፈለቀው ብዙ ጊዜ ከደም ቅዳው አጠገብ ያለው ነርቭ ነው።

ምርመራው ከማደንዘዣው መቅደም አለበት፤ ጣቱ ከደነዘዘ በኋላ ስለ ስሜት መጠየቅ ትርጉም የለውምና። ሐኪሙ የጣቶቹን ቀለምና ሙቀት ያያል፣ የጣቱን ጫፍ ተጭኖ ሲለቅ ቀለሙ በሁለት ሰከንድ ያህል ጊዜ ውስጥ መመለሱን ይመለከታል፣ የጣቱን ሁለት ጎኖች ለየብቻ ይነካል፤ በጣት ጫፍ ላይ ከስድስት ሚሊሜትር ባነሰ ርቀት የተቀመጡ ሁለት ጫፎችን ለይቶ ማወቅ ጤናማ ስሜት መኖሩን ያሳያል። የእጅ አንጓ ሲጎዳ ደግሞ አሜሪካዊው ሐኪም ኤድጋር አለን እ.ኤ.አ. በ1929 ባስተዋወቀው ምርመራ መጠቀም የተለመደ ነው። በዚህ ምርመራ ታካሚው እጁን ሲጨብጥ መርማሪው ሁለቱንም ደም ቅዳዎች በጣቶቹ ይጫናል፤ እጁ ሲዘረጋ መዳፉ ነጥቶ ይታያል፤ ከዚያም አንዱ ብቻ ሲለቀቅ ቀለሙ በጥቂት ሰከንዶች ውስጥ ከተመለሰ በዚያ በኩል ያለው የደም መንገድ ክፍት ነው ማለት ነው። የደም ፍሰትን በድምፅ ሞገድ የሚያሰማው ዶፕለር የተባለው መሣሪያ በእጅ የማይዳሰሰውን ይጨምርበታል። መሣሪያ በሌለበት የጤና ጣቢያ እንኳ በትዕግሥት የሚደረግ የእጅ ምርመራ አብዛኛውን ነገር እንደሚገልጥ ማስታወስ ይገባል።

ኮዱ የሚወጣው ከዚህ ምርመራ ነው። በሽታንና ጉዳትን በአንድ ዓለም አቀፍ ሥርዓት የመመደቡ ሥራ የተጀመረው በሞት መንስኤዎች ዝርዝር ሲሆን፣ ፈረንሳዊው ዣክ ቤርቲዮን ያዘጋጀው ዝርዝር እ.ኤ.አ. በ1893 በቺካጎ በተደረገው የዓለም አቀፉ የስታቲስቲክስ ተቋም ጉባኤ ተቀባይነት አገኘ። ኃላፊነቱን የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ1948 ሲረከብ ዝርዝሩ ከሞት መንስኤ ዐልፎ በሕይወት ያሉ ሰዎችን በሽታና ጉዳትም እንዲይዝ ተደረገ፤ አይሲዲ-10 በመባል የሚታወቀው አሥረኛው ክለሳ እ.ኤ.አ. በ1990 ጸደቀ። አሜሪካ ይህንን ክለሳ ለራሷ ሐኪም ቤቶች አስፍታ ያዘጋጀችውን አይሲዲ-10-ሲኤም የተባለ ቅጂ በሥራ ላይ ያዋለችው እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 1 ቀን 2015 ነበር። ከዚያ ቀን በፊት የጣት ደም ሥሮች ጉዳት በሙሉ «903.5» በሚል አንድ ኮድ ይመዘገብ ስለነበር፣ የቀኝ እጅ ሌባ ጣት የተጎዳበት ልብስ ሰፊና የግራ እጅ ትንሿ ጣት የተጎዳበት የቢሮ ሠራተኛ በመዝገቡ ላይ ልዩነት አልነበራቸውም። ለእጅ ሕክምና ይህ ትልቅ ጉድለት ነበር።

አዲሱ ሥርዓት ጉዳቱን ደረጃ በደረጃ ይተርካል። «ኤስ» የአደጋ ጉዳትን፣ «6» የእጅ አንጓንና እጅን፣ «5» የደም ሥርን ያመለክታል፤ በዚሁ ምዕራፍ «ኤስ61» ለክፍት ቁስል፣ «ኤስ62» ለስብራት፣ «ኤስ64» ለነርቭ፣ «ኤስ66» ለጡንቻና ለጅማት፣ «ኤስ67» ለመጨፍለቅ፣ «ኤስ68» ለመቆረጥ ተመድበዋል። ከነጥቡ በኋላ ያለው የመጀመሪያ አኃዝ የደም ሥሩን ስም ይናገራል፦ ዜሮ የአልናር፣ አንድ የራዲያል፣ ሁለት ለቆዳ የቀረበው ቅስት፣ ሦስት ጥልቁ ቅስት፣ አራት የአውራ ጣት፣ አምስት የሌሎች ጣቶች ነው። ቀጣዩ አኃዝ ጉዳቱ መቆረጥ ወይም ሌላ መሆኑን ሲገልጽ ስድስተኛው ምልክት ወገኑን ይለያል። ጥንቃቄ የሚሻው ይህ ስድስተኛ ምልክት ነው፤ በአውራ ጣት ኮድ «1» ማለት ቀኝ ሲሆን በሌሎቹ ጣቶች ኮድ ውስጥ ያው «1» የግራ ሌባ ጣት ማለት ነው። «ኤስ65.411» የቀኝ አውራ ጣት የደም ሥር መቆረጥ፣ «ኤስ65.511» ደግሞ የግራ ሌባ ጣት የደም ሥር መቆረጥ መሆኑ በልማድ ብቻ የሚሠራን ሰው በቀላሉ ያሳስታል።

ሰባተኛው ምልክት ከሁሉ ይልቅ በስሕተት የሚተረጎም ነው። «ኤ» የመጀመሪያ ቀጠሮ ማለት ይመስላል፤ በሕጉ መሠረት ግን ታካሚው ለጉዳቱ ዋናውን ሕክምና በማግኘት ላይ እስካለ ድረስ ስንተኛ ጊዜው ቢሆን የሚጻፈው ይኸው ነው። ድንገተኛ ክፍል ገብቶ ደሙ ከቆመለት በኋላ በማግስቱ ወደ እጅ ቀዶ ሐኪም ተልኮ ደም ሥሩ የሚሰፋለት ሰው በሁለተኛውም ቀን «ኤ» ነው። ቁስሉ እየዳነ ስፌት ለማስወጣት፣ ለክትትል ወይም ለእጅ ማለማመጃ ሕክምና ሲመጣ «ዲ» ይጻፍለታል። ጉዳቱ ከዳነ በኋላ ያስከተለው ችግር፣ ለምሳሌ የመገጣጠሚያ መገተር ወይም ጠባሳ፣ ሕክምና ሲፈልግ ደግሞ በመጀመሪያ የችግሩ ኮድ፣ ቀጥሎ የጥንቱ ጉዳት ኮድ «ኤስ» ታክሎበት ይመዘገባል።

የአንድ እጅ ጉዳት በአንድ ኮድ የሚያበቃበት ጊዜ ጥቂት ነው። የደም ሥሩ ጉዳት ኮድ ሲጻፍ አብሮት ያለው ክፍት ቁስልም በ«ኤስ61» ሥር እንዲመዘገብ ሥርዓቱ ራሱ ያዝዛል፤ ነርቭና ጅማት ተቆርጠው ከሆነም የየራሳቸው ኮድ አላቸው። ቅደም ተከተሉ ግን በፈቃድ የሚደረግ አይደለም። ዋናው ጉዳት ሌላ ሆኖ በደም ሥር ወይም በነርቭ ላይ የደረሰው መጠነኛ ከሆነ ዋናው ይቀድማል፤ ዋናው ጉዳት የደም ሥሩ ወይም የነርቩ ከሆነ ደግሞ እርሱ በመጀመሪያ ይሰፍራል። ይህንን ውሳኔ ኮድ ሰጪው ከራሱ አውጥቶ ሊወስን አይችልም። ሐኪሙ «የጣት ቁስል ተሰፋ» ብሎ ብቻ ከጻፈ፣ የቀዶ ሕክምና ክፍሉ ማስታወሻ ስለ ደም ቅዳ መስፋት ቢናገርም እንኳ፣ የትኛው ጣትና የትኛው ወገን መሆኑ ካልታወቀ ባለሙያው በጽሑፍ ሐኪሙን መጠየቅ ይኖርበታል። ጥያቄውን ሳያቀርብ «ያልተገለጸ ጣት» የሚለውን ኮድ መርጦ ማለፍ ይቀልላል፤ ይህ መንገድ ግን የኢንሹራንስ ድርጅቱ ክፍያውን እንዳይፈጽም ምክንያት ከመሆኑም ሌላ፣ ከወራት በኋላ ያንን እጅ ለሚያክም ሌላ ሐኪም ምንም የማይናገር መዝገብ ያስቀራል። በሙያው የተመረቁና እንደ ኤኤፒሲና አሂማ ባሉ ማኅበራት ፈተና ያለፉ ኮድ ሰጪዎች የአካል አወቃቀርን የሚማሩት ስለዚህ ነው፤ ቀለበት ጣት አጠገብ ያለ ደም ሥር ከየትኛው ቅስት እንደሚነሣ የማያውቅ ሰው ምን መጠየቅ እንዳለበትም አያውቅም።

የሕክምናው ተግባር ራሱ ሌላ የኮድ ሥርዓት አለው። የአሜሪካ ሕክምና ማኅበር እ.ኤ.አ. በ1966 ያወጣውና ሲፒቲ በመባል የሚጠራው ዝርዝር የእጅን ወይም የጣትን የደም ሥር በቀጥታ መስፋትን «35207»፣ የጣትን አንድ ነርቭ መስፋትን ደግሞ «64831» ብሎ ይመዘግባል፤ የትኛው ጣት መሆኑም «ኤፍኤ» እና ከ«ኤፍ1» እስከ «ኤፍ9» ባሉ ተቀጥላዎች ይለያል። እዚህ የግራ ሌባ ጣት «ኤፍ1» ነው። የጉዳቱ ኮድ ግራ እያለ የቀዶ ሕክምናው ተቀጥላ ቀኝ ካለ መዝገቡ ከራሱ ጋር ይጣላል።

ከእነዚህ አኃዞች ጀርባ ያለው ጥበብ በአንድ ትውልድ የተገኘ አይደለም። ሁለት የደም ሥር ጫፎችን መጨማደድና መጥበብ ሳይፈጥሩ የመስፋት ስልት በፈረንሳዊው አሌክሲስ ካሬል እ.ኤ.አ. በ1902 ታትሞ ወጣ፤ ካሬል እ.ኤ.አ. በ1912 የኖቤል ሽልማት አገኘ። ይሁንና ስፋቱ አንድ ሚሊሜትር ያህል ወይም ከዚያ ያነሰ የጣት ደም ቅዳ በዓይን ብቻ ሊሰፋ የሚችል አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1960 በአሜሪካ ቨርሞንት ግዛት ጁልየስ ጃኮብሰንና ባልደረባው ትናንሽ የደም ሥሮችን በማይክሮስኮፕ እያዩ መስፋት እንደሚቻል አሳዩ። ከሁለት ዓመት በኋላ በቦስተን በሮናልድ ማልት የተመራ ቡድን ሙሉ በሙሉ የተቆረጠ የአንድ ልጅ ክንድ መልሶ አያያዘ፤ እ.ኤ.አ. በ1963 በሻንግሃይ ቼን ጆንግዌይ የተቆረጠ እጅ መልሶ ተከለ፤ እ.ኤ.አ. በ1965 ደግሞ በጃፓን ናራ ከተማ ኮማትሱና ታማይ ሙሉ በሙሉ የተቆረጠ አውራ ጣትን በማይክሮስኮፕ ረዳትነት ወደ ቦታው መለሱ። ዛሬ ለዚህ ሥራ የሚውለው የስፌት ክር ውፍረት ከሚሊሜትር መቶኛ ሁለትና ሦስት እጅ ያህል ብቻ ሲሆን፣ ከሰው ፀጉር የቀጠነ ነው።

የተቆረጠ ደም ቅዳ ሁሉ ግን ይሰፋል ማለት አይደለም። ከሁለቱ የጣት ደም ቅዳዎች አንዱ ብቻ ተቆርጦ ጣቱ በቂ ደም እያገኘ ከሆነ የተቆረጠውን ማሰር ተቀባይነት ያለው ሕክምና ሲሆን፣ ራዲያል ወይም አልናር ብቻውን ሲቆረጥ መስፋት ይሻላል ወይስ ማሰር የሚለው ጥያቄ በሐኪሞች መካከል አሁንም ያከራክራል። ጣቱ ደም ካጣ ወይም ሁለቱም ከተቆረጡ ግን መጠገን ግድ ነው፤ ጫፎቹ ተጨፍልቀው ከሆነም የተበላሸው ተቆርጦ ከክንድ የተወሰደ ደም መልስ፣ ማለትም ደምን ወደ ልብ የሚመልስ የደም ሥር፣ በመካከል ይገባል። የተሰፋውን ደም ቅዳ ተከትሎ ደም መልሶቹ ካልሠሩ ጣቱ በደም ተወጥሮ ይጠቁራል። በዚህ ጊዜ ዘመናዊው ሕክምና ወደ ጥንታዊው አልቅት ተመልሷል። የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር የሕክምና አልቅትን እ.ኤ.አ. በ2004 የፈቀደ ሲሆን፣ አልቅቱ የተጠራቀመውን ደም እየመጠጠ የአካሉ የራሱ ደም መልሶች እስኪያድጉ ድረስ ጊዜ ይገዛል። በአልቅት ሆድ ውስጥ የሚኖር ባክቴሪያ ቁስሉን ሊበክል ስለሚችል ታካሚው አብሮ ፀረ ባክቴሪያ መድኃኒት ይሰጠዋል።

ጣት ሙሉ በሙሉ ሲቆረጥ ጉዳዩ ከ«ኤስ65» ወጥቶ ወደ «ኤስ68» ይሻገራል። በከፊል የተቆረጠና ሙሉ በሙሉ የተቆረጠ ጣት የተለያየ ኮድ አላቸው፤ መዝገቡ ከሁለቱ አንዱን ለይቶ ካልገለጸ ሥርዓቱ ሙሉ በሙሉ እንደተቆረጠ እንዲቆጠር ያዝዛል። በጠባብ ቆዳ ተንጠልጥሎ የመጣ ጣት አንዲት ደም መልስ በዚያች ቆዳ ውስጥ ሊኖረው ስለሚችል፣ «ከፊል» የምትለው ቃል በመዝገቡ ላይ መኖሯ ቀላል ነገር አይደለም። የተቆረጠውን ክፍል ይዞ የሚመጣ ሰው በንጹሕ ውሃ ወይም ሴላይን በተባለው የሕክምና ጨው ውሃ ቀስ አድርጎ አጥቦ፣ እርጥብ በሆነ ንጹሕ ጎዝ ጠቅልሎ፣ ውሃ በማያስገባ ፕላስቲክ ከረጢት ውስጥ ዘግቶ፣ ከረጢቱን በረዶ ባለበት ውሃ ውስጥ ማስቀመጥ አለበት፤ ጣቱ በረዶውን በቀጥታ ከነካ ሥጋው በቅዝቃዜ ይሞታል። በዚህ ሁኔታ የቀዘቀዘ ጣት እስከ 24 ሰዓት፣ ሳይቀዘቅዝ የቆየ እስከ 12 ሰዓት ድረስ መልሶ የመተከል ዕድል እንዳለው በአጠቃላይ ይነገራል፤ ብዙ ጡንቻ ያለበት የእጅ ክፍል ግን ጊዜው በግማሽ ያህል ያጥራል። አውራ ጣት፣ ብዙ ጣቶች በአንድ ጊዜ፣ እንዲሁም በሕፃናት ላይ የደረሰ መቆረጥ መልሶ ለመትከል ቅድሚያ የሚሰጣቸው ሲሆኑ፣ በብዙ ቦታ የተጨፈለቀ ጣት አብዛኛውን ጊዜ አይተከልም።

ሰዓት ሲነሣ በአሜሪካ፣ በአውሮፓና በሌሎች አገሮች የሚኖሩ አማርኛ ተናጋሪዎችን የሚመለከት ከባድ ጉዳይ አለ። በኢትዮጵያ አቆጣጠር ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ የተቆረጠ ጣት በሆስፒታሉ ሰዓት ዘጠኝ ሰዓት ላይ የተቆረጠ ነው፤ ታካሚው «ሦስት ሰዓት» ሲል ነርሷ እንደሰማችው ብትጽፈው ጣቱ ያለ ደም የቆየበት ጊዜ በስድስት ሰዓት ይረዝማል፣ ሊድን የሚችል ጣትም ጊዜው ያለፈበት መስሎ ሊታይ ይችላል። ሰዓቱ በየትኛው አቆጣጠር እንደሆነ ማስረዳት ወይም «ከመምጣቴ ይህን ያህል ጊዜ በፊት» ብሎ መናገር አደጋውን ያስቀራል። የፌዴራል የገንዘብ ድጋፍ የሚቀበሉ የአሜሪካ ሆስፒታሎች እንግሊዝኛ ለማይችል ታካሚ ያለ ክፍያ አስተርጓሚ የማቅረብ ግዴታ ስላለባቸው፣ ሕፃን ልጅን ወይም ጎረቤትን ለዚህ ማቆም አያስፈልግም።

ደም ሥሩ የተሰፋለት ሰው በሚመለስበት ኑሮ ውስጥም የሚነገር ነገር አለ። ሲጋራ የደም ሥሮችን ስለሚያጠብ ከእንዲህ ያለ ቀዶ ሕክምና በኋላ በጥብቅ የተከለከለ ነው፤ ብዙ የእጅ ቀዶ ሐኪሞች ለተወሰኑ ሳምንታት ቡናንም ይከለክላሉ። በቀን ሦስት ጊዜ ቡና በሚፈላበት ቤት ይህ ትእዛዝ ቀላል እንዳልሆነ መረዳት ለሐኪሙም ይጠቅመዋል። ስለ ጫት ግን የውጭ ሐኪም ላይጠይቅ ይችላል፤ ጫት ውስጥ ያለው ካቲኖን የተባለው ንጥረ ነገር የደም ሥሮችን የሚያጠብ በመሆኑ ታካሚው ሳይጠየቅ ቢናገር ጣቱን ይጠብቃል።

ሳይቆረጥ የሚጎዳ የደም ሥርም አለ። በመዳፋቸው የትንሿ ጣት ወገን እንደ መዶሻ እየመቱ የሚሠሩ መካኒኮች፣ አናጺዎችና የብረት ሠራተኞች አልናር የተባለውን ደም ቅዳ በእጅ አንጓ ትንሽ አጥንት ላይ ደጋግመው ስለሚቀጠቅጡት፣ የደም ሥሩ ግድግዳ ተጎድቶ ደም ይረጋበታል፤ ጣቶቻቸው በብርድ ጊዜ ይነጣሉ፣ ይደነዝዛሉ፣ አንዳንዴም ጫፋቸው ይቆስላል። እንዲህ ያለው ታካሚ «ምን ሥራ ትሠራለህ?» የሚለውን ጥያቄ የሚጠይቀው ሐኪም እስኪያገኝ ድረስ የቆየ ሕመሙ ስም አይኖረውም። በኮድ ሥርዓቱ ውስጥ የጉዳቱን መነሻ የሚገልጹ ተጨማሪ ኮዶች መኖራቸው ለዚህ ጭምር ነው፤ በቢላዋ ከሆነ «ደብልዩ26.0»፣ በመስታወት ስባሪ ከሆነ «ደብልዩ25»፣ በኤሌክትሪክ በሚሠራ የእጅ መሣሪያ ከሆነ «ደብልዩ29» ይጻፋል። ብዙ የአሜሪካ ሐኪም ቤቶች ግዴታ ስላልሆነባቸው ይተዉአቸዋል፤ የትኛው ማሽን የሠራተኛን እጅ እንደሚበላ ሊያሳይ የሚችለው ይህ መረጃ ነውና መተዉ የሚያሳዝን ነው።

በኢትዮጵያም በእንጨት፣ በብረትና በሥጋ ቤት ሥራ የተሠማሩ ሰዎች እጅ ለተመሳሳይ አደጋ የተጋለጠ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት መደበኛ አመዳደብ የእጅ አንጓና የእጅ ደም ሥሮችን ጉዳት ያው «ኤስ65» ይለዋል፤ ይህ አመዳደብ ግን እንደ አሜሪካው ቅጂ ግራና ቀኝን ስለማይለይ፣ ወገኑ በታካሚው ካርድ ላይ በቃላት ካልተጻፈ የትም አይገኝም። እ.ኤ.አ. በ2019 ጸድቆ ከጃንዋሪ 2022 ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው አሥራ አንደኛው ክለሳ ወገንን የመሰሉ ዝርዝሮች በተቀጥላ ኮዶች እንዲታከሉ ፈቅዷል።

በአሜሪካ የሚታከም ሰው የራሱን የሕክምና መዝገብ የማየትና ቅጂውን የመውሰድ መብት በሕግ ተሰጥቶታል። የተጎዳው የቀኝ እጁ ሆኖ መዝገቡ ግራ ካለ፣ ወይም ነርቩ መቆረጡ ተነግሮት በወረቀቱ ላይ ካላገኘው፣ እንዲታረምለት በጽሑፍ መጠየቅ ይችላል። ሐኪም ቤቱ ጥያቄው በደረሰው በ60 ቀናት ውስጥ ምላሽ መስጠት ሲኖርበት፣ ጊዜውን ሊያራዝም የሚችለው ምክንያቱን በጽሑፍ አሳውቆ አንድ ጊዜ ለ30 ቀናት ብቻ ነው፤ እርማቱን አልቀበልም ካለም ታካሚው አለመስማማቱን የሚገልጽ ጽሑፍ ከመዝገቡ ጋር እንዲያያዝለት ማድረግ ይችላል።